ከአውስትራሊያ በሳጥን የመጣችው ዓመት

ጉልበቴን የመረመረው ሐኪም ልጅ እግር ነው። አንዴ አጠፈው፣ አንዴ ዘረጋው፣ ጆሮውን አስጠግቶ ሲንቋቋ አዳመጠው። ከዚያ ቀና ብሎ፣ “እማማ፣ ሥራዎ ምን ነበር?” አለኝ።

“ቤተ መጻሕፍት ነበርኩ” አልኩት።

“ታዲያ ተቀምጠው ነዋ የሠሩት!” አለና ራሱን ነቀነቀ። “ይኼ ግን የተቀመጠ ሰው ጉልበት አይደለም። ቀኑን ሙሉ ሲነሳ ሲቀመጥ የኖረ ሰው ጉልበት ነው።”

ልጁ ጎበዝ ነው፤ በትክክል አግኝቶታል። ሃያ ሁለት ዓመት የሠራሁት ሥራ መነሳት ነው። እንዳልነግረው ከኋላዬ የተሰለፈው በሽተኛ በር ላይ ቆሞ ያፈጥብኛል። ስለዚህ ለእሱ ያልነገርኩትን እዚህ እጽፈዋለሁ። ጡረታ ከወጣሁ ገና ጥቂት ወራት ነው፤ ጊዜ እንደሆነ ተርፎኛል።

ወርቅነሽ እባላለሁ። አምቦ ተወልጄ አምቦ ያረጀሁ ሴት ነኝ። ቤተ መጻሕፍት ከመግባቴ በፊት በአንድ መሥሪያ ቤት የአማርኛ ታይፒስት ነበርኩ። እጄ ፈጣን ነበር፤ አለቆቼ “እኛ ሳናስበው ትጽፈዋለች” እያሉ ይቀልዱብኝ ነበር። መንግሥት ሲለወጥ የቢሮው ቋንቋ ኦሮምኛ፣ ፊደሉም ቁቤ ሆነ። ኦሮምኛውን ከልጅነቴ ጀምሮ እናገረዋለሁ፤ ጣቶቼ ግን ቁቤውን አያውቁም። በ1984 ዓ.ም. የታይፕ መኪናዬን አስረከብኩና የዝውውር ደብዳቤ ተሰጠኝ። የተዛወርኩት ወደ ከተማው ቤተ መጻሕፍት ነው፤ ደመወዙ ያው ነው። አለቃዬ ሲያሰናብተኝ፣ “እዚያማ ዕረፍት ነው፣ ዳንቴል ትሠሪያለሽ” አለኝ። እኔም አምኜው ኪሮሼንና ክሬን በቦርሳ ይዤ ነው ሥራ የጀመርኩት።

ኪሮሹን ያስጣሉኝ ኦቦ ገመቹ ናቸው።

ኦቦ ገመቹ የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊ ነበሩ። ረጅም፣ ቀጭን፣ ድምፃቸው ዝግ ያለ፣ የጸሎት ቤታቸው ሽማግሌ። እኔ የማርያም ነኝ፤ እሳቸው ጾም የለባቸውም፤ ግን በሃያ ሁለት ዓመት ውስጥ አብረን በሠራንባቸው ጊዜያት በአንድም ጾም እፊቴ ወተት ሲጠጡ አይቻቸው አላውቅም። “ምሳ አልፈለግኩም ዛሬ” ይሉና ዘጠኝ ሰዓት ላይ እኔ ስቀምስ አብረውኝ ይቀምሳሉ።

ሥራ በጀመርኩ በሁለተኛው ወይም በሦስተኛው ቀን አንድ ተማሪ መጣና የፊዚክስ መጽሐፍ ጠየቀኝ። ከተቀመጥኩበት ሆኜ መደርደሪያውን በዓይኔ ገረፍ አደረግሁና “የለም” አልኩት። ልጁ ዞሮ ሊወጣ ሲል ኦቦ ገመቹ ከኋላዬ መጡ።

“ያ ወርቄ፣ ተነስተሽ አየሽው?” አሉኝ፤ “ያ” በኦሮምኛ ሰው ሲጠሩ የሚሉት ነው።

“ኧረ ከዚህም ይታየኛል።”

“ቁጭ ብለሽ ‘አላውቅም’ ማለት ትችያለሽ። ‘ህንጅሩ’ የሚባለው ግን ቆሞ ነው” አሉኝ። ህንጅሩ በኦሮምኛ የለም ማለት ነው። “ይኼ ልጅ ከጉደር በእግሩ መጥቶ እንደሆነስ? እሱ ያን ያህል ከሄደ አንቺን አራት እርምጃ ያቅትሻል?”

ተነሳሁ። መጽሐፉ በሌሎች መጻሕፍት ላይ ተጋድሞ ነበር። አፍሬ ኪሮሼን ወደ ቤት መለስኩት።

እሳቸው ዘንድ የተማርኩትን ሁሉ ብዘረዝር ወረቀቱ አይበቃኝም፤ ጥረዛውን ብቻ ልንገራችሁ። የተገነጠለ መጽሐፍ ሲመጣ ፊታቸው እንደ ሐኪም ይጠይማል። መጀመሪያ እጃቸውን በሳሙና ይታጠባሉ። የስንዴ ዱቄት በቀዝቃዛ ውሃ ይበጠብጡና በዝግተኛ እሳት ላይ ያማስላሉ፤ ብል እንዳይበላው ትንሽ እሬት ጠብ ያደርጉበታል። ሙጫው ከማንኪያ ላይ እንደ እርጎ መውረድ አለበት። ከወፈረ ወረቀቱን ያጨማድደዋል፣ ከቀጠነ ዘልቆ ፊደሉን ያበላሸዋል። የሚሰፉበት የጫማ ሰፊ ክር ነው፤ ክሩን በሰም ያሹታል። ሰሙን የማመጣው እኔ ነኝ። “ከቤተ ክርስቲያንሽ የጧፍ ቁራጭ አምጪልኝ” ይሉኛል፣ ጧፍ አብርተው የማያውቁት ሰውዬ። ስንት የአምቦ ልጅ የተማረበት መጽሐፍ በማርያም ጧፍና በኦቦ ገመቹ እጅ ተሰፍቷል።

አንድ ሌላ ልማድ ነበራቸው፤ ይኼኛው ግን ሥራ ማስፈታት ይመስለኝ ነበር። አዲስ መጽሐፍ ሲመጣ ከሁሉ አስቀድመው የመጀመሪያውን ቅጠል ገልጠው መታሰቢያውን ጮክ ብለው ያነባሉ። ለእናቴ፣ ለባለቤቴ፣ ለአስተማሪዬ የሚለውን ማለት ነው። በእጅ የተጻፈ ነገር ካለበት ደግሞ መነጽራቸውን ለውጠው ያዩታል። “መጽሐፍ የሚገባው ለማን እንደተላከ ታውቆ ነው” ይላሉ። ለካርድ ሥራ ያ ገጽ አያስፈልግም፤ ርዕስ፣ ደራሲ፣ የታተመበት ዓመት፣ አለቀ። እኔ ያን ገጽ ዘልዬው አልፋለሁ።

ሳጥኖቹ የመጡት በ1986 ዓ.ም. ክረምቱ ሊገባ ሲል ነው። ኦቦ ገመቹ ያኔ በኩላሊት ሕመም አዲስ አበባ ተኝተው ነበር። እኛ አካባቢ የውሃ ጉድጓድ ሲያስቆፍር የኖረ አንድ አውስትራሊያዊ አገሩ ሲመለስ ስለ ቤተ መጻሕፍታችን ለእናቱ ይነግራታል። እናቱ ደግሞ የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ዳኛ ኖራለች። በእነሱ አቆጣጠር በ1988 የታተመው መጽሐፍ ሁሉ ለውድድር እየተባለ ቤቷ ገብቶ፣ ዳኝነቱ ሲያልቅ መኝታ ቤቷን ሞልቶ ቀርቷል። በአራት የእንጨት ሳጥን አሽጋ ላከችልን። አርባ አንድ መጽሐፍ ነው፤ ልቦለድ፣ ግጥም፣ ተውኔት፣ የልጆች ተረት፣ የዚያው ዓመት የሥነ ጽሑፍ መጽሔት። ከዚያ በፊት የተጻፈ የለበትም፣ ከዚያ በኋላም የለም። የአንድ አገር አንድ ዓመት እንዳለ አምቦ ገባ።

ኦቦ ገመቹ ሲመለሱ ላስደንቃቸው ብዬ ብቻዬን ካርድ አወጣሁላቸው። ከሳጥኖቹ ጣውላ መደርደሪያ አሠራሁ። ከዚያ መጻሕፍቱን በደራሲዎቹ ስም ደረደርኩ። ሰው ስሙ የራሱ ስም ነው፤ የአባቱ ስም ለመለያ ከኋላ ይከተላል። የእኛ ደራሲዎች ካርድ ሁሉ እንደዚያ ነው። የእንግሊዝኛዎቹን መጻሕፍት እስከዚያ ድረስ በትምህርት ዓይነት ስለምናስቀምጣቸው የደራሲውን ስም ጉዳዬ ብዬው አላውቅም ነበር። ስለዚህ አርባ አንዱንም በመጀመሪያ ስማቸው ደረደርኳቸው። በእያንዳንዱ ጀርባ ላይ ነጭ ፕላስተር ለጥፌ ስሙን በእስክርቢቶ ጻፍኩበት።

ኦቦ ገመቹ ከሕክምና ተመልሰው መደርደሪያው ፊት ቆሙ። ጎናቸውን ይዘው ሳቁ፤ ገና አልዳነላቸውም ነበር።

“ያ ወርቄ፣ ፈረንጅ እኮ የሚደረደረው በኋለኛው ስሙ ነው። በቤተሰቡ።”

“ምን ነካቸው? ሰውዬው ቆሞ ሳለ ዘመዱን ይጠራሉ?”

“እንደዚያ ነው ወጋቸው።”

“እንግዲያው ሁሉንም ነቅዬ ልለውጥ?”

መደርደሪያውን ዳር እስከ ዳር በጣታቸው እየዳሰሱ አሰቡ። “ተያቸው” አሉ በመጨረሻ። “እኛ ቤት እንግዳ ሆነው መጥተዋል። እኛ ሰው በምንጠራበት ይጠሩ።”

ቆይቼ በሥልጠና ደንቡን ተማርኩና ሌሎቹን የፈረንጅ መጻሕፍት በሙሉ አስተካከልኩ። ያቺ መደርደሪያ ብቻ በነበረችበት ቀረች። ስሟንም ሰው ሁሉ “ዓመቷ” ይላት ነበር። “ከዓመቷ አንድ ስጪኝ” ይለኛል አንባቢ።

ኦቦ ገመቹ በየክረምቱ ከዓመቷ እየመዘዙ ያነብቡና ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ይተርኩልኛል። በዚያ ዓመት አገሪቱ ነጮቹ በመርከብ የገቡበትን ሁለት መቶኛ ዓመት ታከብር ነበር። ግማሹ መጽሐፍ ይደግሳል፤ ግማሹ ደግሞ መሬቱ ላይ ቀድመው ለነበሩት ሰዎች ያለቅሳል። “ሠርግና ለቅሶ በአንድ ግቢ ውስጥ” ይሉ ነበር። መጽሔቱ ላይ አንዱ ገጣሚ ሌላውን ክፉኛ ሲተች አንብበው በማግስቱ፣ “እነዚህን ሁለቱን አራርቂያቸው፤ ተጣልተዋል” አሉኝ። አራራቅኋቸው፤ ጡረታ እስከወጣሁ ድረስም አንድ ላይ አላስቀመጥኳቸውም።

እኔን መሥሪያ ቤቱ በ1988 ዓ.ም. ወደ ሸነን፣ ቀጥሎም ወደ እንጭኒ ከተማ ላከኝ፣ የንባብ ክፍል እንዳቋቁም። የሸነኑ አለቃዬ ክፍሉን ለሲሚንቶ ማስቀመጫ ይፈልገው ነበር፤ እኔ መጽሐፍ ሳስገባ እሱ ሲሚንቶ ሲያስገባ ዓመቱ አለቀ። እንጭኒ ደግሞ በገበያ ቀን ሴቶቹ ቅቤያቸውን ከፀሐይ የሚያስጠልሉት እኔ ጋ ነው። እስኪያነሱት ለልጆቻቸው ተረት አነብላቸዋለሁ፤ ክፍሉ ግን ቅቤ ቅቤ ይሸታል። ሸነን ከዓመቷ አሥራ ሁለት መጻሕፍት ይዤ ሄጄ ነበር። አንድ የሸነን መምህር የባሕር ዛፍ ደን የሚቃጠልበትን ልቦለድ አንብቦ እየሮጠ መጣ። በኦሮምኛ እናቴ እንደማለት “አዴ” ይለኛል። “አዴ፣ ባሕር ዛፍ እነሱም ጋ ደረሰ እንዴ?” “ከእነሱ ነው የመጣው” ስለው፣ “አይሆንም! አባቴ የተከለው ነው!” ብሎ ተከራከረኝ።

ወደ አምቦ ስመለስ ኦቦ ገመቹ ጡረታ ሊወጡ ቀናት ቀርተዋቸው ነበር። ንግግር አላደረጉም። ቁልፉን እጄ ላይ አስቀመጡና፣ “ሙጫው እንዳይቀጥንብሽ” ብለው ሄዱ። እኔ ኃላፊ ሆንኩ፤ አወቅሁ መሰለኝ።

በጥር 1998 ዓ.ም. የግማሽ ዓመት ሪፖርት ስሞላ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ አንዲት ፈረንጅ ገባች። ሽበታም፣ ቀጭን፣ ጫማዋ አቧራ የለበሰ። ለሚ የሚባል ሹፌር አብሯት አለ፤ የእኛው ከተማ ልጅ ነው። ከአውስትራሊያ እንደመጣች ነገረችኝና፣ “ከመኪናው ስወርድ የቤቴ ዛፍ ሸተተኝ” አለች። ዓይኗ እርጥብ ነበር። እኔ የሪፖርቱን ድምር እንዳልረሳ ጣቴን መስመሩ ላይ አድርጌያለሁ።

“ከአገሬ በሳጥን ከመጡላችሁ መጻሕፍት አንዱን ፈልጌ ነው” አለች። “የትሬሎን።”

ትሬሎ? አርባ አንዱንም እንደ ጎረቤቶቼ በስም አውቃቸዋለሁ እያልኩ ለሰው የምኮራ ነኝ። ቶማስን አውቀዋለሁ፣ ሄለንን አውቃታለሁ፣ ኤድዊንን አውቀዋለሁ። ትሬሎ የሚባል ጎረቤት የለኝም። ለማንኛውም ብዬ አጠገቤ ያለውን የካርድ መሳቢያ ሳብኩና በ“ቲ” ፊደል አገላበጥኩ። ከወንበሬ አልተነሳሁም።

“የለም” አልኳት።

“እርግጠኛ ነሽ?”

“ሁሉንም አውቃቸዋለሁ።”

አልተከራከረችኝም። የእንግዳ መዝገቡን ጠየቀችኝ፤ ቆማ ረጅም ነገር ጻፈች፤ እጄን ጨብጣ አመስግናኝ ወጣች። ለሚ በር ላይ ዞር ብሎ፣ “ወንጪን ላሳያትና በወሊሶ በኩል አዲስ አበባ እንገባለን፤ ማታ በረራ አላት” አለኝ። እኔ ወደ ድምሬ ተመለስኩ።

ሪፖርቱን ጨርሼ መዝገቡን ልዘጋ ስል ነው ያነበብኩት። እንግሊዝኛዋ ግልጽ ነበር። ሩት ትባላለች። ወንድሟ ኤድዊን ትሬሎ በእነሱ አቆጣጠር በ1988 አንድ ልቦለድ አሳተመ፤ ሌላ አልጻፈም። ስለ አባታቸው የጻፈ ስለመሰላት ተቀይማው፣ መጽሐፉን በፖስታ ሲልክላት ጥቅልሉን ሳትፈታ መለሰችለት። እሱም ያንኑ ቅጂ ለውድድር ሰጠው። ከዚያ በኋላ አልተነጋገሩም፤ ኤድዊን ሞተ። ዳኛዋ በቅርቡ አግኝታት፣ “የመጀመሪያው ቅጠል ላይ በእጁ ስምሽን ጽፎበት ነበር፤ ምን እንዳለሽ ግን አላስታውስም” አለቻት። መጨረሻው እንዲህ ይላል፦ “ምን ብሎኝ እንደነበር ማወቅ ነበር ምኞቴ። ስለፈለግሽልኝ አመሰግናለሁ።”

አልፈለግኩላትም እኮ። ያ “አመሰግናለሁ” ዛሬም ድረስ ፊቴን ያቀላዋል።

ተነሳሁ። ከወንበሬ እስከ ዓመቷ መደርደሪያ አራት እርምጃ ነው። በእጄ ፕላስተር የለጠፍኩበት፣ “ኤድዊን” ብዬ የጻፍኩበት መጽሐፍ በቦታው ቁጭ ብሏል። ፕላስተሩ የኋለኛውን ስሙን ሸፍኖታል። ገለጥኩት። በሰማያዊ ቀለም፣ በእጅ ጽሑፍ፣ “ለሩት፤ ሲመቻት። ኤድዊን” ይላል። አሥራ ሁለት ዓመት እጄ ሥር ሲቀመጥ ያን ገጽ አንድ ቀን አልገለጥኩትም።

በሩን ቆለፍኩ። በሥራ ሰዓት በመዝጋቴ በኋላ ማስጠንቀቂያ ተጽፎብኛል፤ ተገቢ ነው። መጽሐፉን በነጠላዬ ጠቅልዬ በጭነት መኪና ወንጪ አፋፍ ድረስ ሄድኩ፤ ከዚያ በፈረስ ወደ ሐሮ ወንጪ፣ ወደ ሐይቁ፣ ወረድኩ። ሃምሳ አንድ ዓመቴ ነበር፤ ፈረስ ላይ የወጣሁት ለመጀመሪያ ጊዜ ነው። ፈረስ አከራዩ “አዴ፣ ዘና በይ፣ ፈረሱም ፈርቷል” ይለኛል። ሐይቁ ዳር ስደርስ ጀልባ ቀዛፊው ጀልባውን ከውሃ እየጎተተ ነበር።

“ሽበታሟ ፈረንጅ?” አለ። “ደሴቱ ላይ ያለውን ገዳም አይታ፣ ወጥታ ሄዳለች። ከሄደች አንድ ሰዓት አልፏታል።”

“ይደረስባታል?”

“በምን? እነሱ መኪና ነው የያዙት።”

መሬት ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ቀዛፊው ደንግጦ ጀልባውን ለቀቀው። “አዴ፣ ሰው ሰጠመብሽ እንዴ?” አለኝ።

“አይደለም። መልእክት ነበረኝ፤ ሳላደርስ ቀረሁ።”

አጠገቤ ቁጭ አለ። ፀሐይዋ ወደ ተራራው እስክታዘነብል ድረስ መጽሐፉን ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሬ አነበብኩ። አባትየው ክፉ ሰው አይደለም፤ መሬቱ በድርቅ ያለቀበት ድሃ ነው። ልጅቷ ማታ ማታ ጫማውን ታወልቅለታለች። ሩት ይኼንን ብታነብ ኖሮ ምን ያስቀይማት ነበር?

በማግስቱ ወደ ኦቦ ገመቹ ቤት ሄድኩ። ግቢያቸው ውስጥ ከኮክ ዛፉ ሥር ተቀምጠው ነበር፤ ከስተዋል። ሁሉንም ነገርኳቸው። ሩት የሚለውን ስም ስጠራ ቀና አሉ።

“ለሩት፤ ሲመቻት” አሉ፣ ሳላሳያቸው። “ያቺ ሩት! ይቺ ሴት መጽሐፏን ለምን ጣለችው እያልኩ ስንት ጊዜ አሰብኳት። ጸልዬላታለሁ እኮ፣ ያ ወርቄ።” ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። “ጥፋቱ የእኔም ነው። በመጀመሪያ ስማቸው ይቆዩ ያልኩ እኔ ነኝ።”

“አይደለም፣ ኦቦ ገመቹ። ስሙ አይደለም። አልተነሳሁም።”

አላጽናኑኝም፤ ያን ጊዜም ስለዚያ ወደድኳቸው። “እንግዲያው አሁን ተነሺ” ነው ያሉኝ።

ሩት መዝገቡ ላይ አድራሻ አልጻፈችም። የነበረኝ የዳኛዋ አድራሻ ነው፤ እሱም የተጻፈው በሳጥኑ ጣውላ ላይ ነው፣ ጣውላው ደግሞ መደርደሪያ ሆኗል። ወለሉ ላይ በጀርባዬ ተኝቼ፣ ከታች ወደ ላይ በባትሪ እያበራሁ አድራሻውን በወረቀት ገለበጥኩት። አንባቢዎቹ አበደች ብለው ይሆናል። የመንግሥት ንብረት ከአገር ለማስወጣት ኮሚቴ ያስፈልግ ነበር፤ ኮሚቴውን ሦስት ወር ተመላለስኩበት። “ዋናው ይውጣ፣ ግልባጩ ይግባ” የሚለው የኦቦ ገመቹ ሐሳብ ነው። መጽሐፉን ገጽ በገጽ ፎቶ ኮፒ አስነሳሁ፤ ሰማያዊው ጽሑፍ ጥቁር ሆኖ ወጣ። ግልባጩን የጠረዙት እሳቸው ናቸው። እጃቸው ይንቀጠቀጥ ስለነበር መርፌውን እኔ እያሾለክሁ ክሩን እሳቸው ይስቡታል። ሙጫውን ከማንኪያ ላይ አውርጄ አሳየኋቸው፤ “ኤዬ፣ አዎ፣ ደርሷል” አሉ። እንደዚያ አድርገው የጠረዙት የመጨረሻው መጽሐፍ ያ ነው።

ከዋናው ጋር ለሩት ደብዳቤ ጻፍኩና በዳኛዋ አድራሻ ላክሁላት። ከወንበሬ ሳልነሳ የለም እንዳልኳት፣ አራት እርምጃ እንደነበር፣ ወንጪ ድረስ ተከትያት እንዳጣኋት፣ ሁሉንም። መዋሸት አልቻልኩም፤ ስለፈለግሽልኝ ብላ አመስግናኛለችና።

መልሱ የመጣው ክረምቱ ካለፈ በኋላ ነው። ሳልከፍተው ወደ ኦቦ ገመቹ ይዤው ሄድኩ። ያኔ አልጋ ላይ ነበሩ። ላነብላቸው ወንበር ስስብ እጃቸውን አነሱ።

“አንሺኝ” አሉ።

“ኧረ ሐኪሙ...”

“ቁጭ ብዬ አልሰማውም። አንሺኝ።”

እኔ በአንድ ጎን፣ ልጃቸው በሌላ ጎን ደግፈን አቆምናቸው። በአንድ እጄ ወረቀቱን ይዤ ወደ አማርኛ እየመለስኩ አነበብኩላቸው። አጭር ነበር።

“ውድ ወርቅነሽ፣ ስለዚያች አንዲት ‘የለም’ አትዘኚ። አንቺ ያልሽው ለአንድ ጠዋት ነው፤ በዚያው ቀን ፈረስ ላይ ወጥተሽ ክሰሽዋል። እኔ ለወንድሜ አሥራ ስምንት ዓመት ከወንበሬ አልተነሳሁም። ‘ሲመቻት’ ብሎኛል። አሁን ተመቸኝ፤ አንብቤዋለሁ።”

ኦቦ ገመቹ እንደቆሙ ዓይናቸውን ጨፈኑ። እንባቸው አገጫቸው ላይ ደርሶ እጄ ላይ ወደቀ፤ እኔም አላበስኩላቸውም፣ ሁለቱም እጆቼ ተይዘው ነበር። “ደርሷታል” አሉ። ከዚያ አስተኛናቸው። በሁለተኛው ዓመት አረፉ፤ ቀብራቸው ላይ ያ ሁሉ ሕዝብ ቆሞ ሳይ፣ ስንቱ በእሳቸው ስፌት የተማረ ነው ብዬ አሰብኩ።

እኔ ከዚያ ወዲህ ቁጭ ብዬ የለም ብዬ አላውቅም። ሰው በቀን ሠላሳ ጊዜ ከጠየቀኝ ሠላሳ ጊዜ እነሳ ነበር። ባለፈው ሰኔ ለተተኪዬ ሳስረክብ ዓመቷን አንድ በአንድ ቆጠርናት፤ አርባ መጽሐፍና አንድ ግልባጭ። ተተኪዬ ካርዱን ሁሉ ኮምፒዩተር ውስጥ አስገብቶታል፤ በሁለቱም ስም ይፈልጋል አለኝ። ደስ አለኝ። ግን ወንበሩን ከዓመቷ ትንሽ አርቄ አስቀመጥኩለት፤ የሚነሳበት ምክንያት እንዲኖረው።

ሐኪሙ “ብዙ አይነሱ” ብሎ በወሩ ይመለሱ ብሎኝ ነበር። ትናንት ተመልሼ ሄድኩ። የክሊኒኩ ካርድ ክፍል ውስጥ አንዲት ልጅ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጣለች። ስሜን ነገርኳት፤ ወረቀት ገለጥ ገለጥ አደረገችና ቀና ሳትል፣ “ካርድዎ የለም፣ እማማ” አለች።

“የኔ ልጅ” አልኳት፣ “እኔ ቆሜልሽ የለ? እስኪ አንቺም ተነስተሽ እዪልኝ።”

አየችኝ። ተናደደች መሰለኝ፤ ግን ተነሳች። ወደ መደርደሪያው ሄዳ ጀርባዋን ሰጥታኝ ጥቂት ቆየች።

ነበረ።